ከእርሻ ቤት የወጣ ጥናት፦ የሚሊሰንት ሺን ሕይወት

ሕፃናት ቋንቋን እንዴት እንደሚጀምሩ ስንማር መጀመሪያ የምንሰማው የወንዶችን ስም ነው። ዳርዊን እ.ኤ.አ. በ1877 ስለ ልጁ ያወጣው ማስታወሻና ጀርመናዊው ፕራየር በ1882 ያሳተመው መጽሐፍ ይጠቀሳሉ። እኔ ግን ዛሬ ላስተዋውቃችሁ የፈለግሁት ላቦራቶሪ ሳይኖራት ደብተርና እርሳስ ይዛ ከእነሱ ጋር የሚጠራ ሥራ የሠራችውን አሜሪካዊት፣ ሚሊሰንት ዋሽበርን ሺንን ነው።

ሺን እ.ኤ.አ. በ1858 ካሊፎርኒያ ውስጥ ናይልስ በተባለች የገጠር ከተማ ተወለደች። አባቷ የፍራፍሬ ዛፍ ችግኝ እያፈላ የሚሸጥ ገበሬ ስለነበር ያደገችው በእርሻ ላይ ነው። በ1880 ከካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ተመረቀች። ቀጥሎም ኦቨርላንድ መንዝሊ የተባለ መጽሔት አዘጋጅ ሆና እስከ 1894 ሠርታለች።

በ1890 የወንድሟ ልጅ ሩት ተወለደች። ሺንም ሕፃኗን ከመጀመሪያዎቹ ቀናት ጀምሮ እየተከታተለች ያየችውን ሁሉ መጻፍ ጀመረች። ዓይኗ ምን እንደሚከተል፣ እጇ እንዴት እንደሚጨብጥ፣ ምን ዓይነት ድምፅ እንደምታወጣ ትመዘግብ ነበር። ለቋንቋ ተማሪ ትልቁ ቁም ነገር ያለው እዚህ ላይ ነው፤ ሕፃኗ ቃል ሳታወጣ ገና ሰዎች የሚሏትን ትረዳ እንደነበር፣ በድምፅና በምልክትም ፍላጎቷን ትገልጽ እንደነበር ሺን ደረጃ በደረጃ አሳይታለች። መናገር ድንገት የሚመጣ ነገር አይደለም ማለት ነው። ያየችውንና የገመተችውንም ላለማደባለቅ ትጠነቀቅ ነበር።

በ1893 በቺካጎ የዓለም ኤግዚቢሽን ላይ ጥናቷን አቀረበች። ማስታወሻዎቿም ከዚያው ዓመት ጀምሮ በዩኒቨርሲቲው በተከታታይ ታተሙ። በ1898 ከካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ የዶክትሬት ዲግሪ ያገኘች የመጀመሪያዋ ሴት ሆነች። በ1900 ደግሞ ለማንኛውም አንባቢ እንዲገባ አድርጋ የሕፃኗን የመጀመሪያ ዓመት የሚተርከውን መጽሐፏን አወጣች፤ እሱም በሰፊው ተነበበ።

ከዚህ በኋላ ፕሮፌሰር ሆነች ብለን እንጠብቅ ይሆናል። ግን አልሆነችም። ወደ ናይልስ ተመልሳ ያረጁ ወላጆቿን ጦረች፣ የወንድሟን ልጆች አስተማረች። በ1907 ስለ ሕፃናት የስሜት ሕዋሳት እድገት የጻፈችው ወጣ፤ ከዚያ ወዲህ ምርምሩ ቆመ ማለት ይቻላል። በዚያን ዘመን ያላገባች ሴት ልጅ ቤተሰቧን መንከባከብ ግዴታዋ ተደርጎ ይታይ ነበር። ጥናቱን የሰጣት ቤት ጥናቱን መልሶ ወሰደባት ብል ማጋነን አይመስለኝም። በ1940 በ82 ዓመቷ አረፈች። ናይልስ በ1956 የፍሪሞንት ከተማ አካል ስትሆን የቤተሰቡ ቤትና ግቢ ዛሬ ታሪካዊ ፓርክ ነው።

አንድ ልጅ ብቻ አይቶ ስለ ሁሉም ልጅ መናገር አይቻልም፤ ይህ የሥራዋ ድክመት ነው። ቢሆንም ከእሷ የምንማረው አለ። እኛ መሣሪያና በጀት የለንም እያልን የመመረቂያ ጽሑፋችንን ርዕስ ስናማርጥ እንከርማለን። እስቲ እቤት ኮልታፋ ታናሽ ያላችሁ ደብተር አንሱና የሚለውን እንዳለ ጻፉት። ሁለተኛው ትምህርት ደግሞ ለሁላችንም ነው፦ ጎበዝ እህት ያለን ሰዎች የቤቱን ሥራ ሁሉ በእሷ ላይ አንጣል።