ጸጋዬ ሻንቶ ሲደርስ

ከስድስት ኪሎ የወጣን ሰዎች ስንገናኝ የጸጋዬ ገብረ መድኅን ስም መነሳቱ አይቀርም። ሁልጊዜ የሚነሳው ግን ባለቅኔው ነው። እኔ ዛሬ አዘጋጁንና ተርጓሚውን፣ ያንን የቲያትር ቤት ሰው ላስታውሳችሁ ነው የፈለግሁት። (አንቱ ማለት ነበረብኝ፤ የመድረክ ሰው ግን አንተ ሲሉት ይቀርባል።)

የተወለደው ነሐሴ 11 ቀን 1928 ዓ.ም. አምቦ አጠገብ፣ ቦዳ ነው። አቡነ ጴጥሮስ በጣሊያን ጥይት ከተገደሉ ሦስት ሳምንት እንኳ አልሞላም ነበር። በኋላ ጴጥሮስ ያቺን ሰዓት ብሎ ተውኔት የጻፈላቸው እሱ ነው። አባቱ ኦሮሞ እናቱ አማራ ስለነበሩ ሁለት ቋንቋ ይዞ አደገ። አምቦ ተማሪ ሳለ የጻፈው የመጀመሪያ ተውኔቱ ደግሞ፣ ይገርማችኋል፣ ስለ ንጉሥ ዲዮናስዮስ የሚተርክ የጥንት ግሪኮች ታሪክ ነው። ከዚያ ዊንጌትና ንግድ ሥራ ተማረ። በዩኔስኮ ድጋፍ ለንደን ሮያል ኮርት፣ ፓሪስም ኮሜዲ ፍራንሴዝ ሄዶ የቲያትር ሥራ አየ።

ሲመለስ ለንጉሡ 25ኛ የንግሥ በዓል በ1948 ዓ.ም. የተከፈተውን የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቲያትር፣ የዛሬውን ብሔራዊ ቲያትር፣ በጥበብ ክፍል ኃላፊነት ለዓመታት መራ። ኦቴሎን፣ ሐምሌትንና ማክቤዝን ወደ አማርኛ መለሰ፤ ከሞሊየር ታርቱፍን፤ የብሬሽትን እናት ደግሞ እናት ዓለም ጠኑ አድርጎ አገር ቤት አስገባት። የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴን ሽልማት ሲቀበል 29 ዓመቱ ነበር።

ይህን ሁሉ ክፍል ውስጥ ተምሬ፣ ተፈትኜ፣ ረስቼው ነበር ብል አላጋንንም። የገባኝ ሻንቶ ሳስተምር ነው። ተማሪዎቼን ከኦቴሎ አንድ ትዕይንት ወደ ወላይታቶ መልሱ አልኳቸው። መሐረቡ ላይ ተጣሉ። አንዷ ልጅ፣ እኛ ቤት መሐረብ ውርስ አይሆንም፣ ነጠላ ይሁን አለች። ሌላው ሳቀባት፦ ነጠላ ሲወድቅ ማን ሳያየው ይቀራል? ሁለት ክፍለ ጊዜ ሙሉ ተከራከሩ። እኔ ቁጭ ብዬ ሰማሁ። ጸጋዬ ተርጓሚም አዘጋጅም መሆኑ የጠቀመው እዚህ ላይ ነው። ቃሉ ትክክል ቢሆን እንኳ ዕቃው መድረክ ላይ ሥራውን ካልሠራ ትርጉሙ ገና አላለቀም።

ደግሞ ወላይታ ውስጥ ቋንቋ ቀልድ አይደለም። በ1992 ዓ.ም. አራት ቋንቋ ቀላቅለው ወጋጎዳ የተባለ መማሪያ መጽሐፍ ሲያመጡ ሶዶ ምን እንደሆነ ታላላቆቻችን ይነግሩናል። ለዚህ ነው ልጆቹ አማርኛውን ሲያነቡ አንዱ ተነስቶ ይህ ሰውዬ የማን ነው ብሎ ሲጠይቀኝ ያልተቆጣሁት። የአባቱን ቋንቋ ነገርኩት፣ የእናቱንም ነገርኩት። አማርኛ ተውኔቱን ካነበበ በኋላ በራሱ ወላይታቶ መጻፍ ጀመረ።

አብዮቱ ሲመጣ ጸጋዬ ሀ ሁ በስድስት ወር የተባለውን ተውኔት ለመድረክ አበቃ፤ ብዙም ሳይቆይ ታሰረ። ከተፈታ በኋላ በ1970ዎቹ መባቻ ዩኒቨርሲቲያችን ውስጥ የቲያትር ጥበባት ትምህርት ክፍል ሲቋቋም እጁ ነበረበት። እኔና ብዙዎቻችሁ የተማርነው በዚያ በር ገብተን ነው። የካቲት 18 ቀን 1998 ዓ.ም. ኒው ዮርክ አረፈ፤ አስከሬኑ መጥቶ ቅድስት ሥላሴ ካቴድራል ተቀበረ።

ካልታተሙ ሥራዎቹ አንዳንዶቹ በተማሪ እጅ በተባዛ ወረቀት ብቻ ይኖሩ ይሆናል። ከመካከላችሁ ሣጥን ውስጥ የቆየ የልምምድ ቅጂ፣ በአዘጋጅ እርሳስ የተጫረበት ገጽ ቢሆን እንኳ፣ ያለው ሰው ካለ አይጥ ሳይቀድመው ለትምህርት ክፍሉ ቤተ መጻሕፍት ይስጥ። አንድ ኮፒ ለሻንቶ ቢደርሰን ደግሞ፣ የመሐረቡን ክርክር ገና አልጨረስንም።