በዓሉ ግርማ

በዓሉ ግርማ ኢትዮጵያዊ ጋዜጠኛና ደራሲ ሲሆን በደርግ ዘመን የማስታወቂያ ሚኒስቴር ቋሚ ተጠሪ ነበር። በ1975 ዓ.ም. ባሳተመው ኦሮማይ በተሰኘው ልብ ወለድ ምክንያት ከሥራው ተባረረ። የካቲት 6 ቀን 1976 ዓ.ም. አዲስ አበባ ውስጥ ከቤቱ እንደወጣ ደብዛው ጠፍቷል።

የመጀመሪያ ሕይወት

በዓሉ በ1930ዎቹ መጀመሪያ በኢሉባቦር ሱጴ በተባለ ቦታ ተወለደ። አባቱ ህንዳዊ ነጋዴ፣ እናቱ ደግሞ ኢትዮጵያዊት ነበሩ፤ ግርማ የሚለው የወላጅ አባቱ ስም አይደለም። በልጅነቱ ወደ አዲስ አበባ መጥቶ በዘነበወርቅ ትምህርት ቤትና በጄኔራል ዊንጌት ተማረ። በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ የፖለቲካ ሳይንስና ጋዜጠኝነት አጥንቶ፣ ሁለተኛ ዲግሪውን አሜሪካ ከሚገኘው ሚሺጋን ስቴት ዩኒቨርሲቲ አገኘ።

ጋዜጠኛና ባለሥልጣን

ከአሜሪካ ከተመለሰ በኋላ የመነን መጽሔት፣ የአዲስ ሪፖርተር፣ የአዲስ ዘመንና የኢትዮጵያን ሄራልድ ዋና አዘጋጅ ሆኖ ሠርቷል። አብዮቱ ሲፈነዳ ሥራውን አላቋረጠም፤ የኢትዮጵያ ዜና አገልግሎት ምክትል ዳይሬክተር ሆነ፣ ከዚያም የሚኒስቴሩ ቋሚ ተጠሪ። ስለዚህ በዓሉ ከውጭ ሆኖ መንግሥትን የተቃወመ ሰው አልነበረም። የመንግሥት ወሬ በእጁ የሚያልፍ፣ ቤቱን ከውስጥ የሚያውቅ ነበር።

የመጀመሪያ ልብ ወለዱ ከአድማስ ባሻገር በ1962 ዓ.ም. ታተመ። የመንግሥት ሠራተኛ በሆነና ሰዓሊ ለመሆን በሚመኝ ሰው ላይ የተመሠረተ ነው። የህሊና ደወል፣ የቀይ ኮከብ ጥሪ፣ ደራሲው እና ሐዲስ ተከተሉ። ሐዲስ የህሊና ደወልን እንደገና ጽፎ ያወጣው ሲሆን ታሪኩ የሚካሄደው በትውልድ ቦታው በሱጴ ነው።

ኦሮማይ

በ1974 ዓ.ም. ደርግ የኤርትራን ጦርነት ለመጨረስ የቀይ ኮከብ ሁለገብ አብዮታዊ ዘመቻን ጀመረ። (የቀይ ኮከብ ጥሪ ከዘመቻው በፊት የታተመ ስለሆነ ስሙ ብቻ ነው የሚመሳሰለው።) በዓሉ ለዘመቻው የቅስቀሳ ሥራ አስመራ ሄደ። ዘመቻው ግን ዋና ዒላማውን ናቅፋን መያዝ ሳይችል ከሸፈ።

ያየውን ልብ ወለድ አደረገው። የኦሮማይ ተራኪ ጸጋዬ ኃይለ ማርያም ለተመሳሳይ ሥራ ከአዲስ አበባ ወደ አስመራ የተላከ ጋዜጠኛ ነው፤ እዚያም ፊያሜታ ከምትባል ወጣት ጋር በፍቅር ይወድቃል። መጽሐፉን አደገኛ ያደረገው ግን ፍቅሩ አይደለም። ስማቸው ብቻ የተቀየረ የሚመስሉ ባለሥልጣናት በውስጡ ስላሉ አንባቢው ማን ማን እንደሆነ ለመለየት አልተቸገረም። የዘመቻው ውድቀትም መንግሥት በይፋ ባልተናገረበት ጊዜ በግልጽ ተጽፏል። ርዕሱ ራሱ ከጣልያንኛ ወደ ትግርኛ የገባ ቃል ሲሆን አበቃ፣ አለቀ እንደማለት ነው።

መጽሐፉን ያሳተመው የመንግሥቱ ድርጅት ኩራዝ ነበር። ብዙም ሳይቆይ ከገበያ ተለቀመ፤ የተረፉት ቅጂዎች በድብቅ ከእጅ ወደ እጅ እየዞሩ ተነበቡ። በዓሉም ከሥራው ተሰናብቶ ቤቱ ተቀመጠ።

መጥፋቱ

ከወራት በኋላ፣ በየካቲት 6 ምሽት፣ ከቤቱ ወጥቶ አልተመለሰም። ቮልስዋገን መኪናው ወደ ደብረ ዘይት በሚወስደው መንገድ ቃሊቲ አካባቢ ቆማ ተገኘች። የደርግ የጸጥታ ሰዎች እንደገደሉት በሰፊው ይታመናል፤ አስከሬኑ ግን እስከ ዛሬ አልተገኘም። ባለቤቱ አልማዝ አበራና ልጆቹ የሚቀብሩት ሳይኖር ቀሩ።

ደርግ ከወደቀ በኋላ ኦሮማይ በድጋሚ በነፃነት መሸጥ ጀመረ፤ በ2017 ዓ.ም. ደግሞ በእንግሊዝኛ ተተርጉሞ ታትሟል።