ደጃዝማች በላይ ዘለቀ፤ ከሹመት በፊት የተመረጠ መሪ

የቢቸናና የሞጣ ሕዝብ እንደራሴውን ለመጀመሪያ ጊዜ በድምፁ የመረጠው በ1949 ዓ.ም. ነው። መሪውን መምረጥ የጀመረው ግን ያን ጊዜ አልነበረም። ከዚያ ቀደም፥ በጠላት ወረራ ዘመን፥ የቢቸና ገበሬ ማንም ያልሾመውን አንድ ወጣት ተከትሎ ዓመታት ተዋግቷል። የአገሩን የምርጫ ታሪክ ለመረዳት ከሕጉ አንቀጾች ይልቅ የዚህ ሰው ሕይወት ይረዳናል።

በላይ ዘለቀ የባሻ ዘለቀ ላቀው ልጅ ነው። አባቱ የልጅ ኢያሱ አገልጋይ ነበሩና ጌታቸው ከሥልጣን ከወረዱ በኋላ ወደ ትውልድ ቀያቸው ወደ ለምጨን ተመለሱ፤ በዚያም በመንግሥት ሰዎች እጅ ተገደሉ። በላይም ከወንድሙ ከእጅጉ ጋር ይህን ቂም ይዞ አደገ፤ ኋላም ሸፈተ። ስለዚህ ጠላት በ1928 ዓ.ም. አገር ሲወር በላይ ጫካን ቀድሞ የለመደ ሰው ነበር።

በጥቂት ዘመዶች የተጀመረው ጦሩ የዓባይን በረሃ መከታ አድርጎ በረታ። አባ ኮስትር በያዘው አገር ግብር ያስገብር፥ ዳኝነትም ይሰጥ ነበር። ንጉሠ ነገሥቱ በስደት ላይ ስለነበሩ ለጀግኖቹ ማዕረግ የሚሰጠው ራሱ ነበር። እሱስ ምን ማዕረግ እንደሚይዝ ሲጠየቅ፥ በላይ ማለት ከሁሉ በላይ ነውና እናቱ ያወጡለት ስም እንደሚበቃው መለሰ ይባላል። ነገሩ ትዕቢት ይመስል ይሆናል። ነገር ግን ደመወዝ በሌለበት፥ የሹመት ደብዳቤም ባልነበረበት ጊዜ፥ ያልወደደው ተከታይ ጥሎት ለመሄድ የሚያግደው ብዙ አልነበረም። ጠመንጃ በያዘና ባልያዘ መካከል ምርጫው እኩል ነበር ለማለት ግን አያስደፍርም።

ነቀፋም አላጣውም። በ1933 ዓ.ም. ደብረ ማርቆስን የለቀቀው የኢጣልያ ጦር ዓባይን ሲሻገር በላይ ዝም ብሎ አሳለፈው፤ ምክንያቱም ራስ ኃይሉ ልጃቸውን ሊድሩለት ቃል ስለገቡለት ነው ሲሉ የእንግሊዝ ጸሐፊዎች ጽፈዋል።

ከነፃነት በኋላ የደጃዝማችነት ማዕረግና የቢቸና ገዥነት ተሰጠው። ሕዝብ አስቀድሞ የሰጠውን ሥልጣን መንግሥት ቆርሶ መለሰለት ማለት ነው። ሹመቱ ከድካሙ ጋር አልመዛዘን አለው፤ ከደብረ ማርቆስ ጋርም ተጣላ፤ ቢጠራም አልሄደም። በ1935 ዓ.ም. ጦር ዘመተበትና በሶማ አምባ ከተከበበ በኋላ እጁን ሰጠ። የተፈረደበት ሞት ወደ ዕድሜ ልክ እስራት ተለወጠለት። ነገር ግን ከልጅ ማሞ ኃይሉ ጋር ከእስር አምልጦ እንደገና ተያዘና በጥር ወር 1937 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ በስቅላት ተቀጣ።

ከዐሥራ ሁለት ዓመት በኋላ የምርጫ ሣጥን ወደ ቢቸናና ሞጣ መጣ። በተሻሻለው ሕገ መንግሥት መሠረት አንድ የምርጫ ወረዳ ለ200,000 ነዋሪ ሁለት እንደራሴዎች ይልክ ነበር፤ ዕጩውም 1,000 ብር የሚያወጣ የማይንቀሳቀስ ወይም 2,000 ብር የሚያወጣ የሚንቀሳቀስ ንብረት ሊኖረው ይገባ ነበር። የፖለቲካ ማኅበር አልነበረም። ገበሬው አዲስ አበባ የሚቀመጠውን ሰው ይመርጥ ነበር፤ ግብሩን የሚጥልበትን፥ የሚያስረውን፥ የሚዳኘውን የአውራጃ ገዥ ግን አይመርጥም ነበር። ይኸውም በላይ በሞተበት ጥያቄ ላይ አንዳች መልስ አልሰጠም።

ጥያቄው በ1960 ዓ.ም. እንደገና ተነሣ። ሕዝብ የመረጣቸው እንደራሴዎች የተቀመጡበት ምክር ቤት የእርሻ ገቢ ግብር አዋጅን አጸደቀ። የሞጣና የቢቸና ገበሬ ግን የመሬት ቅየሳ ርስቱን የሚያሳጣው መሰለውና አልቀበልም አለ። ቀድሞ አቤት አለ፤ ጠቅላይ ገዥው ደጃዝማች ፀሐዩ ዕንቁ ሥላሴ እንዲነሡለትም ለመነ፤ ሰሚ ሲያጣ ጠመንጃውን አነሣ። መንግሥት ጦር፥ ኋላም አውሮፕላን ላከበት። በመጨረሻ ደጃዝማች ፀሐዩ ተነሡ፤ ግብሩም በጎጃም እንደታሰበው ሳይሠራበት ቀረ። ተተኪያቸው ደጃዝማች ደረጀ መኰንንም ወደ ደብረ ማርቆስ የመጡት እንደ ቀድሞው በሹመት ነበር።