ኧርነስት ላዝሎ፦ ችሎቱንና መንገዱን በጥቁርና ነጭ ያሳዩ የካሜራ ባለሙያ

እ.አ.አ በ1898 ቡዳፔስት የተወለዱት ኧርነስት ላዝሎ ሆሊውድ የገቡት ፊልም ገና ድምፅ አልባ በነበረበት ዘመን ነው። በ1927ቱ «ዊንግስ» የተሰኘ የጦር አብራሪዎች ፊልም ከበርካታ ካሜራ ባለሙያዎች አንዱ ነበሩ። በሙያቸው ስመ ጥር እስኪሆኑ ግን ሃያ ዓመት ገደማ ፈጀባቸው።

በ1951 ሁለት ደፋር ፊልሞችን ቀረጹ። «ዘ ዌል» የአንዲት ጥቁር ሕፃን መጥፋት የሚያስነሣውን የዘር ጠብ ይተርካል። ወሬ ከአፍ አፍ ሲዛመት ከተማይቱ ለብጥብጥ ትሰናዳለች፤ ልጅቷ ጉድጓድ መግባቷ ሲታወቅ ደግሞ ጥቁሩም ነጩም ሊያወጣት ይረባረባል። ሁለተኛው፣ ጆሴፍ ሎዚ ያዘጋጁት «ኤም»፣ በሎስ አንጀለስ ጎዳናዎች ላይ የተሠራ ነው። ኋላ የፈረሱት የባንከር ሂል አሮጌ ቤቶች ዛሬም በላዝሎ ምስሎች ውስጥ ቆመው ይታያሉ። ሎዚ ብዙም ሳይቆዩ በኮሚኒስትነት ተፈርጀው፣ ሥራ ተነፍገው ወደ አውሮፓ ተሰደዱ።

የላዝሎ ታላቅ ሥራ ግን ከስታንሊ ክሬመር ጋር የሠሩት ይመስለኛል። የናዚ ዳኞች ለፍርድ የቀረቡበትን ታሪክ የሚያሳየው የ1961ዱ «ጀጅመንት አት ኑረምበርግ» ሦስት ሰዓት ያህል ይረዝማል፤ አብዛኛውም አንድ አዳራሽ ውስጥ ንግግር ነው። ላዝሎ ካሜራውን በተናጋሪው ዙሪያ ቀስ አድርገው ያዞሩታል፤ ከጀርባው የተከሳሾቹ፣ የዳኞቹና የታዳሚዎቹ ፊት በየተራ ያልፋል። ከጥፋቱ ርቆ የሚቀመጥ ሰው ያለ አይመስልም። ጀርመናዊው ጠበቃ በራሱ ቋንቋ ጀምሮ፣ ካሜራው ድንገት ወደ ፊቱ ሲቀርብ እንግሊዝኛ መናገሩን ይቀጥላል፤ የአስተርጓሚው ጣጣ በአንድ እንቅስቃሴ ተፈታ።

በዚያን ጊዜ የቀለም ፊልም ተስፋፍቶ ነበር። ይህኛውም፣ የዝግመተ ለውጥን ትምህርት ያስተማረ መምህር የተከሰሰበት «ኢንሄሪት ዘ ዊንድ»ም በጥቁርና ነጭ መሠራታቸው ግን ክብደት ሰጣቸው። በ1933 ወደ ጀርመን የሚያመራ መርከብ ላይ የተሳፈሩ ሰዎችን የሚያሳየው «ሺፕ ኦቭ ፉልስ»ም እንዲሁ ነው። ባሕሩ ከስቱዲዮ የወጣ አይደለም፤ የተሳፋሪዎቹ ፊት ግን መጪውን ጥፋት ሳያውቁ ሲስቁ ያሳያል። ላዝሎ ስምንት ጊዜ ለኦስካር ታጭተው ያሸነፉት በዚህ ፊልም ብቻ ነው።

ከዚያ በኋላ የሠሯቸው ፊልሞች በአመዛኙ መዝናኛ ነበሩ። በ1970ዎቹ መጀመሪያ የአሜሪካ ሲኒማቶግራፈሮች ማኅበርን በፕሬዚዳንትነት መሩ፤ በ1977 ከክሬመር ጋር አንድ ተጨማሪ ፊልም ሠርተው፣ በጥር 1984 በ85 ዓመታቸው አረፉ።