በጣርማ በር በኩል የጠፋን የፊልም ሰው

ከአዲስ አበባ ወደ ደሴ የሚጓዝ ሰው ደብረ ብርሃንን አልፎ ጣርማ በር ሲደርስ ጣሊያን የፈለፈለውን ዋሻ ያቋርጣል። ጉሙ ከገለጠለት፣ መንገዱ በደብረ ሲና በኩል እየተጠማዘዘ ወደ ሸዋ ሮቢትና ወደ ይፋት ቆላ ሲወርድ ያያል። እኔ በዚያ ባለፍኩ ቁጥር አንድ የፊልም ሰው ይታወሰኛል።

በ1928 ዓ.ም. ሚያዝያ የማርሻል ባዶሊዮ ባለመኪና ጦር ከደሴ ተነስቶ ወደ አዲስ አበባ ሲገሰግስ እዚህ ዳገት ላይ ተገትሮ ነበር። ኢትዮጵያውያን መንገዱን አፍርሰውበት እስኪጠግን ዘገየ። ቢዘገይም አልቀረም፤ ሚያዝያ 27 ቀን ዋና ከተማችን ገባ። ያ ጦርነት ከአገራቸው ከነቀላቸው ወጣቶች አንዱ ኒኮ ፓፓታኪስ ነው።

ኒኮ እ.ኤ.አ. በ1918 አዲስ አበባ ውስጥ ከግሪካዊ አባትና ከኢትዮጵያዊት እናት ተወለደ። ጣሊያን ሲወረን ከኢትዮጵያ ጎን ተሰለፈ። ስደት ዕጣው ሆነና በሊባኖስና በግሪክ አድርጎ እ.ኤ.አ. በ1939 ፓሪስ ገባ።

ወደ ፊልም የገባው በትምህርት ቤት በር አይደለም። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ፓሪስ ውስጥ ‹‹ላ ሮዝ ሩዥ›› የተባለ የምሽት ትርዒት ቤት ከፈተ። የከተማዋ ደራሲያንና ዘፋኞች የሚያዘወትሩት ስመ ጥር ቤት ሆነለት። እ.ኤ.አ. በ1950 ደራሲው ዣን ዤኔ የእስረኞችን ሕይወት የሚያሳይ አጭር ፊልም ሲሠራ ፕሮዲውሰሩ እሱ ነበር፤ ፊልሙ ለረጅም ዘመን በሳንሱር ታግዷል። ቀጥሎም ኒውዮርክ ሄዶ ጆን ካሳቬቴስ ‹‹ሻዶውስ››ን እንዲጨርስ አገዘው። ያ ፊልም ዛሬ ከአሜሪካ ገለልተኛ ሲኒማ መነሻዎች አንዱ ሆኖ ይቆጠራል።

የራሱን የመጀመሪያ ፊልም ‹‹ሌዛቢስ››ን ይዞ ሲቀርብ አርባ አምስት ዓመት ሊሞላው ነበር። መነሻው እ.ኤ.አ. በ1933 ለማን በተባለች የፈረንሳይ ከተማ ሁለት እህትማማች የቤት ሠራተኞች አሠሪያቸውንና ልጇን የገደሉበት ጉዳይ ነው። ሕግ ለተማረ ሰው ይህ ፊልም ዕረፍት ይነሳል። ፍርድ ቤቱ ማን ገደለ ብሎ ጠይቆ መልሱን አገኘ። ፓፓታኪስ ግን ውርደት ሰውን እስከ ምን ያደርሰዋል ብሎ ጠየቀ። እ.ኤ.አ. በ1963 የካን ፌስቲቫል መራጮች ፊልሙን ሳይቀበሉት ቀሩ፤ የባህል ሚኒስትሩ አንድሬ ማልሮ ጣልቃ ገብተው እንዲቀርብ አደረጉ። ተመልካቹ ተንጫጫ፤ ሳርትርና ሲሞን ደ ቦቯር ግን ተሟገቱለት።

ከዚያ በኋላም ጥያቄውን አልለቀቀም። እ.ኤ.አ. በ1967 በግሪክ እረኞች፣ በ1976 በአልጄሪያ በተፈጸመው ግርፋት፣ በ1986 በግሪካዊ ስደተኛ፣ በ1991 ደግሞ በገመድ ላይ በሚራመድ ወጣት ሕይወት ላይ ፊልም ሠራ። በሃያ ስምንት ዓመት ውስጥ አምስት ረጅም ፊልም ብቻ! የታዘዘውን ቢሠራ ኖሮ ቁጥሩ በበለጠ ነበር። ገለልተኛ መሆን አለቃ ማጣት ብቻ የሚመስላቸው ወጣት ፊልም ሠሪዎቻችን ይህን ሒሳብ ቢያውቁት መልካም ነው። ነፃነቱን የከፈለው በዕድሜው ነው።

ኒኮ እ.ኤ.አ. ታኅሣሥ 2010 ፓሪስ ውስጥ በዘጠና ሁለት ዓመቱ አረፈ። ፈረንሳዮች የእኛ ይሉታል፣ ግሪኮችም እንዲሁ። በእኛ የፊልም ታሪክ ወግ ውስጥ ግን ስሙ እምብዛም አይነሳም። ዛሬ እንደ እሱ ከኢትዮጵያዊት እናት የሚወለድ ልጅ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 6 መሠረት ኢትዮጵያዊ ነው። ሕጉ በእናቱ በኩል የሚቆጥረውን ሰው የእኛ ማስታወሻ የሚዘልበት ምክንያት አይታየኝም። የውርደትን ነገር ዕድሜውን ሙሉ ሲጠይቅ የኖረው ይህ ሰው፣ ጥያቄውን መጀመሪያ ያገኘው ጣርማ በርን አልፎ የመጣው ጦር ከወረራት አገር ይመስለኛል።