ወጋየሁ ንጋቱ፦ የሌላ ሰው መጽሐፍ በድምፁ የተሸከመ ተዋናይ

እንደሚታወቀው በትምህርት ክፍላችን ስለ ደራሲያን ብዙ እንጽፋለን። ስለ ተዋንያን የምንጽፈው ጥቂት ነው፤ ስለ ተራኪዎች ደግሞ ጭራሽ የለም ማለት ይቀላል። ይህች አጭር ጽሑፍ ተዋናይም ተራኪም የነበረውን ወጋየሁ ንጋቱን ታስታውሳለች። ምነው እሱን መረጥህ የሚለኝ አይጠፋም። ምክንያቴ ቀላል ነው፤ ከመካከላችን ብዙዎቻችን «ፍቅር እስከ መቃብር»ን አውቀዋለሁ ስንል አንብበነው ሳይሆን ሰምተነው ነው። የሰማነው ደግሞ ከእሱ አፍ ነው።

ወጋየሁ የተወለደው በ1936 ዓ.ም. ነው። በቀድሞው ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ የኪነ ጥበባት ማዕከል ዙሪያ ከተሰባሰቡት የቴአትር ወጣቶች አንዱ ነበር። ከደበበ እሸቱ ጋር ወደ ሀንጋሪ ተጉዞ የትወና ትምህርት ቀስሟል። ሁለቱም ተመልሰው በአዲስ አበባ መድረኮች ስም ካተረፉት መካከል ሆኑ። ደበበ በ1973 እ.ኤ.አ. በወጣው «ሻፍት ኢን አፍሪካ» በተባለው የአሜሪካ ፊልም ውስጥ በአጃቢ ተዋናይነት ስለታየ መልኩን የውጭው ዓለምም አይቶታል። የወጋየሁን ስም በየገጠሩ ያዳረሰው ግን ፊልም አይደለም።

እስቲ ነገሩን ከዚህ ከእኛ ቦታ ሆነን እንየው። ሀገር ፍቅር ቴአትር ከ1927 ዓ.ም.፣ ብሔራዊ ቴአትር ደግሞ ከ1948 ዓ.ም. ጀምሮ ያሉት አዲስ አበባ ነው። ከዲላ አዲስ አበባ 360 ኪሎ ሜትር ገደማ ይርቃል። ታዲያ ለቴአትር ብሎ ያን ሁሉ መንገድ የሚሄድ የጪጩ ገበሬ ማን ነው? መድረክ ደግሞ ክፉ ጠባይ አለው፤ መጋረጃው ሲዘጋ አብሮ ያልቃል። በዚያ ዘመን የነበረ ተዋናይ አንድ ምሽት ያሳየውን ብቃት የሚያውቀው በዚያች ምሽት አዳራሹ ውስጥ የተቀመጠ ሰው ብቻ ነው።

ወጋየሁን ከዚህ ዕጣ ያተረፈው ሬዲዮ ነው። የሐዲስ ዓለማየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር» በ1958 ዓ.ም. የታተመ፣ ከ500 ገጽ በላይ ያለው መጽሐፍ ነው። ወጋየሁ ይህንን መጽሐፍ በኢትዮጵያ ሬዲዮ «ከመጻሕፍት ዓለም» ፕሮግራም ላይ ተረከው። ሥራው ቀላል እንዳይመስላችሁ። በመድረክ ላይ ተዋናይ ልብስ አለው፣ እጅ አለው፣ አጠገቡ ሌላ ተዋናይ አለው። በሬዲዮ ያለው ጉሮሮው ብቻ ነው። በዚያ በአንድ ጉሮሮ ፊታውራሪ መሸሻን በትዕቢታቸው፣ በዛብህን በፍርሃቱና በፍቅሩ፣ አባ ዓለም ለምኔን በጨዋታቸው መሆን አለበት። ሰብለ ወንጌልን በወንድ ድምፅ ማንበብ ደግሞ በትንሹ ስህተት ወደ ቧልት ይወርዳል፤ የወጋየሁ ግን አንድም ጊዜ ቧልት ሆኖ አልተሰማኝም። ጉዱ ካሣንም እንዲሁ። ሰዉ እብድ ይለዋል፤ ደራሲው ግን ከሁሉም በላይ አስተዋይ አድርገው ነው የሣሉት። ወጋየሁ እሱን ለማሳቂያ ሊያደርገው ይችል ነበር፤ አላደረገውም።

አሁን ወደ ጌዴኦ ልመለስ። የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ በ1971 ዓ.ም. ተጀምሮ ኋላ ላይ በ15 ቋንቋዎች ሲሰጥ፣ ጌዴኦኛ ከ15ቱ አንዱ ነበር። ፊደል ገና የቆጠረ ሰው ግን ያን የሚያህል የአማርኛ ልብ ወለድ ሊያነብ አይችልም። ጪጩ ያሉት አጎቴ እንዲህ ካሉት ሰዎች አንዱ ናቸው። ቡና ሲለቀም አመሻሹ ላይ የበዛብህን ታሪክ በጌዴኦኛ ያወራሉ። ፊታውራሪ ጋ ሲደርሱ ድምፃቸውን ያወፍራሉ፣ ቃሉን ይጎትታሉ። ትረካውን በካሴት ካዳመጥኩ በኋላ ነው የገባኝ፤ አጎቴ የሚያወሩት ሐዲስን ቢሆንም የሚያወሩበት ድምፅ የወጋየሁ ነው። ማን ነው የተረከው ብዬ ስጠይቃቸው ግን ስሙን አያውቁትም፤ ሬዲዮ ነዋ አሉኝ።

በክፍላችን ውስጥ ትረካ ተማሪን ከንባብ ያሰንፋል ብለው የሚከራከሩ አሉ። እውነት አላቸው፤ ግማሹን እቀበላለሁ። እኔ ራሴ መጽሐፉን ገልጬ ሳነብ ጉዱ ካሣን በሌላ ድምፅ መስማት አቅቶኛል። ተራኪው ለእኔ መርጦልኛል፤ ይህ ዕዳ ነው። ነገር ግን መጽሐፉ ወደ አጎቴ ቤት የሚገባበት ሌላ በር አልነበረውም። እንግዲህ ሁለቱን ስመዝናቸው የሚደፋው የቱ እንደሆነ ለእኔ ግልጽ ነው።

ወጋየሁ በ1982 ዓ.ም. አረፈ። ዕድሜው ገና 46 ዓመት ነበር። ደራሲው ክቡር ዶክተር ሐዲስ ዓለማየሁ ያረፉት በ1996 ዓ.ም. ስለሆነ፣ ተራኪው ከደራሲው 14 ዓመት ቀድሞ ሄደ ማለት ነው። ለብዙ ዓመት መድረክ ላይ የደከመበት ሥራ ከተመልካቾቹ ጋር እየሄደ ነው፤ ለሌላ ሰው መጽሐፍ ያዋሰው ድምፅ ግን ከሬዲዮ ወደ ካሴት፣ ከካሴት ወደ ሲዲ፣ ከዚያም ወደ ኢንተርኔት እየተሻገረ ዛሬም አለ።

ስለዚህ ለክፍል ጓደኞቼ አንድ ሐሳብ አለኝ። ስለ «ፍቅር እስከ መቃብር» የማመሳከሪያ ጽሑፍ ስታቀርቡ፣ መጽሐፉን በጆሮ ያወቃችሁ ከሆነ ከደራሲው ስም ቀጥሎ የተራኪውንም ጻፉ። ዕረፍት ላይ ወደየቀያችሁ ስትመለሱም በጌዴኦኛ፣ በሲዳምኛ ወይም በጉጂ ኦሮምኛ ተረት የሚያወሩ አዛውንት ካሉ፣ ተረቱን ብቻ ሳይሆን የተናጋሪውን ስምና ድምፅ ቅረጹ። ተረቱን ሌላ ሰው ሊደግመው ይችላል፤ ያ ድምፅ ግን ከባለቤቱ ጋር ይሄዳል።