ጥላሁን ገሠሠ፦ ባንዱ ሲበተን ዘፈኑ የቀረለት ሰው

አንድ የፍቅር ዘፈን መንግሥትን ሊያስፈራ ይችላል?

በእኛ አገር አስፈርቶ ያውቃል። ዘፋኙ የ20 ዓመት ወጣት ነበር። ደሞዙን የሚከፍለው ጦር ሠራዊት ነው። ባንዱ ደግሞ በአንድ ሳምንት ውስጥ ከቤተ መንግሥት ጠባቂነት ወደ ተጠርጣሪነት የተገለበጠ ክፍል ነበር። የዚህ ልጅ ስም ጥላሁን ገሠሠ ይባላል።

ፍቅር ሐይቅ ዳር ቁጭ ብላችሁ በስልካችሁ ዘፈን የምትሰሙ የሐዋሳ ልጆች ስሙን እንደምታውቁት እርግጠኛ ነን። ድምፁንም በአባቶቻችሁ ሬዲዮ፣ በባጃጅ፣ በሰርግ ቤት ሰምታችኋል። ሲያርፍ ግን አብዛኞቻችሁ ገና ሕፃናት ነበራችሁ፣ ያልተወለዳችሁም አላችሁ። ስለዚህ ዛሬ ታሪኩን ከሥሩ እንንገራችሁ።

■ ከወሊሶ የጠፋው ልጅ

ጥላሁን መስከረም 17 ቀን 1933 ዓ.ም፣ በመስቀል በዓል ዕለት፣ አዲስ አበባ ተወለደ። እናቱ ወ/ሮ ጌጤ ጉርሙ፣ አባቱ አቶ ገሠሠ ወልደ ኪዳን ይባላሉ። ልጅነቱን ያሳለፈው ግን ወሊሶ፣ አያቱ ዘንድ ነው። ትምህርቱንም እዚያው በራስ ጎበና ትምህርት ቤት ጀመረ። አማርኛና ኦሮምኛ አፉን የፈታባቸው ቋንቋዎች ናቸው፤ በኋላም በሁለቱም ዘፍኗል።

ቤተሰቡ ልጁ ተምሮ ትልቅ ቦታ እንዲደርስ ነበር ምኞቱ። ልጁ ግን ልቡ ሌላ ቦታ ነበር። የትምህርት ቤቱ ዳይሬክተር፣ ሚስተር ሸዳድ የሚባሉ ሱዳናዊ፣ ድምፁን ሰምተው አበረታቱት። ከዚያ የሀገር ፍቅር ከያንያን ወሊሶ መጥተው ትርኢት አሳዩ። በቃ! ከዚያ ቀን በኋላ ልጁን ወሊሶ ላይ ማቆየት አልተቻለም።

አንድ ቀን ከቤት ጠፋ። ከወሊሶ አዲስ አበባ 115 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ ከሐዋሳ ዲላ ካለው መንገድ ትንሽ ይረዝማል። እስከ ቱሉ ቦሎ በእግሩ ሄደ። ዘመድ ቤት ሲደርስ ግን ተይዞ ወደ ወሊሶ ተመለሰ። ብዙ ሳይቆይ እንደገና ጠፋ። በዚህኛው ዙር ዕቃ በጫነ መኪና ላይ ተሳፍሮ አዲስ አበባ ገባ።

መዳረሻው ሀገር ፍቅር ነበር። ሀገር ፍቅር በ1927 ዓ.ም ከጣሊያን ወረራ በፊት የተመሠረተ ማኅበር ሲሆን በዚያ ዘመን ለዘፋኝ ትልቁ በር እሱ ነበር። ገና ጢም ያላበቀለውን ልጅ ተቀበሉት። ብዙም ሳይቆይ ድምፁ ከሀገር ፍቅር አልፎ ሌላ ቦታ ተፈለገ፤ ክብር ዘበኛ።

■ ዩኒፎርም የለበሰ የፍቅር ዘፈን

እዚህ ጋ ትንሽ ቆም እንበል፤ ለዛሬ ወጣት ግራ የሚያጋባ ነገር አለና። የፍቅር ዘፈን ከወታደር ጋር ምን አገናኘው?

በኢትዮጵያ ዘመናዊ ሙዚቃ የተወለደው በወታደር ቤት ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም። ራስ ተፈሪ በ1916 ዓ.ም ኢየሩሳሌም ላይ ያገኟቸውን 40 የአርመን ወላጅ አልባ ልጆች ወደ አዲስ አበባ አምጥተው የንጉሣዊው ማርሽ ባንድ አደረጓቸው። አስተማሪያቸው ኬቮርክ ናልባንዲያን ነበር። ከዚያ በኋላ ጦሩ፣ ፖሊሱና ክብር ዘበኛው እያንዳንዳቸው የራሳቸውን ኦርኬስትራ አቋቋሙ። ትራምፔቱ፣ ትሮምቦኑ፣ ሳክስፎኑ ሁሉ የመንግሥት ንብረት ነው። የግል ባንድ ማቆም ያኔ የሚታሰብ አልነበረም።

ክብር ዘበኛ የንጉሠ ነገሥቱ ጠባቂ ጦር ነው፤ ኦርኬስትራውም በአገሪቱ አንደኛ ከሚባሉት ነበር። ሳህሌ ደጋጎን የመሰለ የዜማና የቅንብር ሰው እዚያ ነበር። ብዙነሽ በቀለም እዚያ ነበረች። ጥላሁን ይህን ቤት ሲቀላቀል እውነተኛ ትምህርት ቤቱን አገኘ። ከኋላው የናስ መሣሪያዎች ተደርድረው ሲነፉ የሚሸነፍ ድምፅ አለ፤ ከላይ ሆኖ የሚጋልብም ድምፅ አለ። የጥላሁን ሁለተኛው ነበር። ጉሮሮው ኃይለኛ ነው፣ ግን ሲፈልግ አለስልሶ እንደ ሹክሹክታ ያወርደዋል። የፍቅር ዘፈን የሚያምርበትም ለዚህ ነው፤ ጉልበቱን እያለው ይቆጥበዋል።

■ ታኅሣሥ 1953

ታኅሣሥ 4 ቀን 1953 ዓ.ም። ንጉሠ ነገሥቱ ለጉብኝት ብራዚል ናቸው። የክብር ዘበኛ አዛዥ ጄኔራል መንግሥቱ ንዋይና ወንድማቸው ግርማሜ ንዋይ መፈንቅለ መንግሥት ሞከሩ። ሌላው ጦር ከንጉሡ ጎን ቆመ፣ አዲስ አበባ ውስጥ ተኩስ ሆነ፣ ሙከራው በቀናት ውስጥ ከሸፈ። ጄኔራል መንግሥቱ በዚያው ዓመት በስቅላት ተቀጡ።

ኦርኬስትራውስ? የክብር ዘበኛ አባል የሆነ ሁሉ ተጠርጣሪ ሆነ፤ ሙዚቀኛ ቢሆንም። ትናንት በግብዣ ላይ የሚያዘፍኑት ልጅ ዛሬ እስረኛ ነው። ጥላሁንም ታሰረ።

አልቻልኩም የተባለው ዘፈኑ ስሙ የሚነሳው ከዚህ ዘመን ጋር ነው። ላይ ላዩን ስትሰሙት የፍቅር ዘፈን ነው፤ የሚወደውን ያጣ፣ መታገስ ያቃተው ሰው ስሜት። ግን እኛ ሰምና ወርቅ ያሳደገን ሕዝብ ነን። አድማጩ ሰሙን ትቶ ወርቁን ፈለገ። አልቻልኩም የሚለው ሰው ምኑን ነው ያልቻለው? ፍቅሩን ወይስ አገዛዙን? ያ ሁሉ ደም ከፈሰሰ በኋላ ጥያቄው የዋዛ አልነበረም። በስፋት እንደሚነገረው ዘፈኑ ታገደ።

እዚህ ላይ ልብ በሉ። ዘፈኑ ውስጥ ጄኔራል የለም፣ ንጉሥ የለም፣ ጠመንጃ የለም። ያስፈራው ያልተባለው ነገር ነው። የፍቅር ዘፈን ተወዳጁን በስም አይጠራም፤ አንቺ ይላል፣ ያልፋል። ያቺ አንቺ ሴት ልትሆን ትችላለች፣ አገር ልትሆን ትችላለች፣ የሞተ ጓደኛም ልትሆን ትችላለች። በሰላሙ ጊዜ ይሄ የዘፈን ውበት ነው። ባንዱ በተበተነበት፣ ሰው በጥላው በሚፈራበት ሰሞን ግን ሕዝቡ ሐዘኑን የሚያስቀምጥበት ብቸኛው ቦታ ይሆናል።

■ ባንዱ ተቀየረ፣ ድምፁ ቀረ

ጥላሁን ከእስር ከወጣ በኋላ መዝፈኑን ቀጠለ። ክብር ዘበኛም ተጠገነ፤ አዳዲስ ልጆች ገቡ። ከእነሱ አንዱ በአሪዞና ክለብ በተላላኪነት ይሠራ የነበረው መሐሙድ አህመድ ነው። ጥላሁን ኋላ ወደ ብሔራዊ ቴአትር ተሻገረ።

በነገራችን ላይ የእኛ ሐዋሳም የተቆረቆረችው በዚያው በ1950ዎቹ መጀመሪያ ነው። ከተማችንና የጥላሁን ዝና አብረው ነው ያደጉት።

በ1960ዎቹ ሌላ ለውጥ መጣ። አምሃ እሸቴ የሚባል ወጣት ነጋዴ የመንግሥትን የሸክላ ብቸኛ መብት ተጋፍቶ በ1961 ዓ.ም አምሃ ሪከርድስን ከፈተ። ዘመናዊ ዘፈን በግል ሸክላ መታተም ጀመረ። ኦርኬስትራው እየጠበበ፣ ባንዱ እያነሰ መጣ። 20 ሰው የሚነፋው በአራትና በአምስት ሰው ተተካ፤ ቤዝ ጊታር፣ ሊድ ጊታር፣ ድራም፣ ኪቦርድ፣ ከጎን ሳክስፎን። መድረኩም ከወታደር ካምፕ ወደ ሆቴል ዞረ። አይቤክስ ባንድ በራስ ሆቴል፣ ዋልያስ ባንድ በሂልተን።

ይሄ የእኛ ብቻ ነገር አልነበረም። በውጭው ዓለም በዚያው ዘመን ሶፍት ሮክ የሚባለው ለስለስ ያለ የፍቅር ሙዚቃ ገበያውን ያዘ። ለምሳሌ ፍሊትውድ ማክ እንግሊዝ ውስጥ የብሉዝ ባንድ ሆኖ ተነሥቶ፣ እ.ኤ.አ. ከ1975 በኋላ አባላቱ ተቀያይረው ነው በለስላሳ የፍቅር ዘፈኖቹ ዓለምን ያዳረሰው። ባንድ ሲቀየር የፍቅር ዘፈን መውለዱ እንግዲህ እዚያም እዚህም ያለ ነው። ልዩነቱ፣ እነሱን የቀየራቸው የአባላት መግባትና መውጣት ነው፤ የእኛዎቹን ግን አብዮት ጭምር ነው።

በ1966 ዓ.ም የወሎ ረሃብ አገር አንቀጠቀጠ። ጥላሁን ለተራቡት ያዜመው ዋይ ዋይ ሲሉ እስከ ዛሬ ሰው እንባ ያወጣል። ንጉሡ ወረዱ፣ ደርግ ገባ፣ የሰዓት እላፊ ታወጀ። ሌሊት መጨፈር ቀረ። ሸክላም እየጠፋ ካሴት መጣ። አምሃ እሸቴ አገር ለቆ ወጣ። የዋልያስ አባላት በ1970ዎቹ መጀመሪያ ለትርኢት አሜሪካ ሄደው ከፊሎቹ እዚያው ቀሩ፤ ኪቦርድ ተጫዋቹ ኃይሉ መርጊያ በዋሽንግተን ታክሲ እየነዳ ረጅም ዘመን ኖረ። አይቤክስም ስሙን ቀይሮ ሮሃ ባንድ ሆነ። ጆቫኒ ሪኮ በቤዝ፣ ሰላም ስዩም በጊታር የያዙት ያ ባንድ የካሴቱን ዘመን አጀበው ማለት ይቻላል።

ጥላሁን በዚህ ሁሉ ውስጥ አልጠፋም። በናስ ኦርኬስትራ የለመደውን ድምፅ ለትናንሽ ባንዶች አመጣጠነው። በትልቁ ኦርኬስትራ ጊዜ ድምፁ ከነፋሾቹ ጋር ይታገላል። በትንሹ ባንድ ጊዜ ግን ቤዙና ኪቦርዱ ቦታ ይለቁለታል፤ ትንፋሹ ሳይቀር ይሰማል። ትዝታ ቅኝትን ረጋ ባለ ምት የሚጫወትበትን ካሴት ያዳመጠ ሰው ይሄ ይገባዋል። ያው ሰው ነው፣ ግን አሁን መድረክ ላይ ሳይሆን አጠገባችሁ የተቀመጠ ይመስላል።

■ የመጨረሻዎቹ ዓመታት

ሕይወቱ ዘፈኑን ያህል የለሰለሰ አልነበረም። በ1985 ዓ.ም አዲስ አበባ መኖሪያ ቤቱ ውስጥ አንገቱ ላይ በስለት ክፉኛ ተጎዳ። ዘፋኝ ሰው፣ አንገቱን! አገሩ ሁሉ ደነገጠ። ግን ዳነ፣ ተመልሶም ዘፈነ። ከዚያ የስኳር በሽታ ጸናበት፤ በዚሁ ምክንያት አንድ እግሩን አጣ። ሕዝብ ፊት መቅረቡን ግን አላቆመም። አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲም የክብር ዶክትሬት ሰጠው።

ሚያዝያ 11 ቀን 2001 ዓ.ም፣ በፋሲካ ዕለት፣ ከአሜሪካ በተመለሰ በጥቂት ቀናት ውስጥ አዲስ አበባ ላይ አረፈ። 68 ዓመቱ ነበር። በመስቀል መጥቶ በፋሲካ ሄደ። ሚያዝያ 15 በቅድስት ሥላሴ ካቴድራል በብሔራዊ ሥነ ሥርዓት ሲቀበር አዲስ አበባ ጎዳና ላይ ወጥታ ሸኘችው።

■ እና ምን ይጠቅመናል?

ሐዋሳ ውስጥ ባንድ ያላችሁ፣ ወይም ለማቋቋም የምታስቡ ልጆች አላችሁ። ባንድ እንደሚበተን ታውቁታላችሁ። ኪቦርዲስቱ አዲስ አበባ ሥራ ያገኛል፣ ድራመሩ ይሰደዳል፣ የሚያጫውታችሁ ቤት ይዘጋል። ያኔ ሁሉም ነገር ያለቀ ይመስላል።

የጥላሁን ሕይወት ሌላ ነገር ነው የሚያሳየው። ከኋላው የቆመው ባንድ ስንቴ ተቀየረ? ሀገር ፍቅር፣ ክብር ዘበኛ፣ ብሔራዊ ቴአትር፣ የሆቴል ባንዶች፣ የካሴት ባንዶች። ሦስት መንግሥታት አለፉ። መሣሪያው ከነሐስ ወደ ኤሌክትሪክ፣ ዘፈኑ ከሸክላ ወደ ካሴት፣ ከካሴት ወደ ሲዲ፣ አሁን ደግሞ ወደ እጃችሁ ስልክ ዞረ። በዚህ ሁሉ መሃል የተረፈው ሰው በሚያጣበት ሰዓት ሊይዘው የሚችል የፍቅር ዘፈን ነው። የታገደውም ቢሆን ጠፍቶ አልቀረም፤ ያገዱት ናቸው ያለፉት።

ዛሬ ማታ ቤት ስትገቡ አባታችሁን፣ እናታችሁን ወይም አያታችሁን አንድ ነገር ጠይቁልን፦ ከጥላሁን ዘፈኖች የትኛው ነው የእናንተ? መልሱ የዘፈን ስም ብቻ ላይሆን ይችላል፤ ከኋላው ያለ ሰው፣ ያለ ዘመን፣ ምናልባትም ነግረዋችሁ የማያውቁት ፍቅር አለ።

ነፍሱን ይማርልን።